ሚዛን ላይ ያልወጣው ትከሻ

ሴፕቴምበር 2፣ ፐርም

ይህን ደብተር የሰጡኝ አጎት ፋኒል ናቸው፣ የስፖርት ትምህርት ቤታችን ወጌሻ። ጀርባዬን እያሹ፣ «የማያወራ ሰው ቢያንስ ይጻፍ። አለዚያ ነገሩ ጡንቻው ላይ ይቋጠርና እኔን ያለፋኛል» አሉኝ። እኔ እኮ አወራለሁ። በትምህርት ቤቱ ማደሪያ ከእኔ የበለጠ ቀልደኛ የለም። ቢሆንም ደብተሩ ሽፋኑ ጠንካራ ስለሆነ ተቀበልኩ።

ምናልባት ጠፍቶ የሚያገኘው ሰው ቢኖር፦ ግሌብ እባላለሁ፣ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነው፣ በበረዶ ላይ በጥንድ እንሸራተታለሁ። ዝላታን ወደ ላይ የምወረውራት፣ ብዙውን ጊዜም የምቀልባት ሰው እኔ ነኝ። አብረን መሥራት ከጀመርን አምስት ዓመታችን። ደብተሩን ትራም ውስጥ ካገኘኸው ለሹፌሩ ስጠውና ሂድ፤ አታንብብ።

ዛሬ ከዕረፍት መልስ የመጀመሪያው ሚዛን ነበር። እንደ ወትሮው ሴቶቹ በካልሲ ተሰለፉ፤ አሠልጣኛችን ኢንጋ ቪታልየቭና ኪሎውን ጮክ ብለው እያነበቡ አረንጓዴው መዝገብ ላይ ጻፉ፤ እኛ ወንዶቹ ግድግዳ ተደግፈን ጫማችንን አሰርን። ዝላታ አርባ ሰባት ተኩል። ጁን ላይ አርባ አምስት ነበረች። ቁመቷም ሦስት ሴንቲ ሜትር ጨምሯል። በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ማን ያድጋል?

«እንኳን ደስ ያለሽ» አሏት ኢንጋ ቪታልየቭና። «ከዛሬ ጀምሮ ግሌብ የሚያነሳሽ ከነበላሽው ኬክ ነው።»

ሁሉም ሳቀ። ቀኝ ትከሻዬ በኦገስት ልምምድ ላይ ትንሽ ጠቅ አድርጎኝ ነበር። አሁን ደህና ነው።

ሴፕቴምበር 11

ማንሳቱ አልሳካ አለ። ያ ትልቁ፣ ቀኝ መዳፌን ከዳሌ አጥንቷ ሥር አድርጌ ከራሴ በላይ ቀጥ የማደርጋት። ሦስት ጊዜ ሞከርን፤ ሦስቱንም ጊዜ ክንዴ መሃል ላይ ታጠፈ። ኢንጋ ቪታልየቭና እኔን አላዩኝም፤ ያዩት መዝገቡን ነው። «አርባ ስምንት ነጥብ አንድ» አሉ። ዝላታ አንገቷን ደፋች።

አንድ ነገር መናገር ነበረብኝ መሰለኝ። ግን ምን ብዬ? ነገ ይሻለው ይሆናል።

ሴፕቴምበር 24

ሳቬሊ፣ አብሮኝ የሚያድረው፣ ልብስ መቀየሪያው ኮሪደር ላይ ያዘኝ። «ወንድሜ፣ ፍሪጅ ማንሳት ጀመርክ አሉ!»

«ያውም ከነዕቃው» አልኩት።

ዞር ስል ዝላታ ከኋላችን አግዳሚው ላይ ተቀምጣ ጫማዋን እያሰረች ነበር። ቀና አላለችም። አንዱን ክር አሥር ጊዜ ፈትታ አሥር ጊዜ አሰረችው።

ጥሩ ቀልደኛ ነኝ።

ኦክቶበር 3

አዲስ ልጅ መጣች። ኡሊያና ትባላለች፤ አሥራ አምስት ዓመቷ፣ ሠላሳ ስምንት ኪሎ። ኢንጋ ቪታልየቭና «እስቲ ለሙከራ አንሳት» አሉኝ። አነሳኋት። እንደ ትራስ ወጣች፤ ትከሻዬ ትንፍሽ አላለም።

«አየህ?» አሉኝ።

«አየሁ።»

እሳቸው ያዩትና እኔ ያየሁት ግን ለየቅል ነበር።

ከልምምድ በኋላ ቢሯቸው ጠሩኝ። ኖቬምበር ላይ ካዛን ማጣሪያ አለ፤ ካለፍን ዲሴምበር መጨረሻ የአገሪቱ ሻምፒዮና። «እስከዚያ ማንሳቱ ካልጸና ከአዲስ ዓመት በኋላ ኡሊያናን ትይዛለህ። ዝላታ ወደ አገሯ ወደ ቤሬዝኒኪ ትመለሳለች። አባቷ ማዕድኑ ላይ ስለሚሠራ የጽሕፈት ሥራ አያጣላትም። በክፋት አይደለም፣ ግሌብ። የሚነሳው ከሚያነሳው ከበለጠ ምን ይደረጋል?»

ዝላታ ከአሥር ዓመቷ ጀምሮ እዚህ ማደሪያ ውስጥ ነው ያደገችው። እናቷን በዓመት ሦስት ጊዜ ብታይ ነው። ይህን ሁሉ የከፈለችው ቤሬዝኒኪ ገብታ ወረቀት ልትመታ አይደለም።

እዚያው ልናገር አፌን ከፍቼ ነበር። በመስኮቱ ግን ዬጎር ታየኝ፣ የበረዶ ማለስለሻውን መኪና የሚነዳው። ከሦስት ዓመት በፊት ከሁላችንም የሚበልጥ ተንሸራታች እሱ ነበር። ጀርባዬን አመመኝ አለ፤ ዕረፍ ተባለ፤ ዐርፎ ሲመለስ ጥንዱ የሌላ ሰው እጅ ይዛ ትሾር ነበር። አሁን በቀን አራት ጊዜ በመኪናው ፊቴ ያልፋል። እኔ ካረፍኩ ደግሞ ዝላታ ብቻዋን አትቀርም? አፌን ዘጋሁ። ሆድ ይፍጀው።

ኦክቶበር 13፣ እሑድ

እሑድ እሑድ ከትራም ፌርማታው አጠገብ ካለችው ኪዮስክ ፖሲኩንቺኪ እንበላለን። አምስት ዓመት ሙሉ አንድም እሑድ አላለፈንም። ፖሲኩንቺኪ ሥጋና መረቅ የተሞላ ትንሽ ሳምቡሳ ነገር ነው፤ ሲገምጡት ካልተጠነቀቁ መረቁ ፊት ላይ ይረጫል። ዝላታ ሁልጊዜ ሆነ ብላ ወደ እኔ ታነጣጥራለች።

ዛሬ ስምንት ገዛችና አንዱንም አልነካችም። «እኔ በልቼ ነው የመጣሁት» አለች። እጇን ጃኬቷ ውስጥ ከትታ እኔ ስበላ ታየኝ ነበር።

ስምንቱንም በላሁ።

ኦክቶበር 22

አጎት ፋኒል ዛሬ ጀርባዬን ሲያሹ ቆይተው ጣታቸውን ቀስ ብለው ወደ ቀኝ ትከሻዬ ሰደዱ። ሳላስበው ዘለልኩ።

«ይህ ምንድን ነው?»

«ተኝቼበት ነው፣ አጎቴ።»

«ሁለት ወር ሙሉ?» ፎጣውን ወረወሩልኝ። «በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም ሲባል አልሰማህም? እኔ ለማንም አልናገርም፤ ትከሻውም ያንተ፣ አፉም ያንተ ነው። ቶሎ በለው ብቻ።»

ከካዛን በኋላ አልኳቸው። ካዛን ግን ሁለት ሳምንት ከምናምን ይቀረዋል፤ ሁለት ሳምንት ምን አላት።

ኖቬምበር 7

ሻንጣ ተዘጋጀ። ባቡሩ ከሰዓት ነው። ከመውጣታችን በፊት እንደ ወጉ ሁላችንም ሻንጣችን ላይ ተቀምጠን ለመንገዱ ዝም አልን። ዝላታ አጠገቤ ነበረች። ዝምታው እንዳለቀ ጆሮዬ ላይ ጠጋ ብላ፣ «ግሌብ፣ አርባ ስድስት ነጥብ ስምንት ገባሁ» አለችኝ፣ ጥሩ ውጤት ይዞ እንደመጣ ተማሪ።

«ጎበዝ» አልኳት። ከአፌ ወጣ በቃ።

ኖቬምበር 9፣ ካዛን

ማንሳቱ ሁለት ሰከንድ። ከዚያ ክንዴ ከዳኝ። በጉልበቴ ተቀበልኳት፤ እሷ ተነስታ እየሳቀች ቀጠለች። ስድስተኛ። ለሻምፒዮናው ለጥቂት አለፍን።

ውጤት የሚጠበቅበት ወንበር ላይ ካሜራው ፊታችን ነበር። ኢንጋ ቪታልየቭና ለካሜራው እየሳቁ፣ ከንፈራቸው ሳይንቀሳቀስ፣ «ነጥባችንን በላሽው፣ ልጄ» አሏት።

ኋላ እኔን ለብቻዬ ጠየቁኝ። ፊት ለፊት። «ንገረኝ፣ እሷ ናት ወይስ ሌላ ነገር አለ?»

«ትንሽ ከበደችኝ።»

ሁለት ቃል። ጻፍኩት።

ኖቬምበር 10፣ ባቡር

እንቅልፍ አልወስድ አለኝ። ዝላታ ከታች አልጋ ተኝታለች፤ ጉልበቷ ላይ በረዶ በፎጣ ጠቅልላ አስራለች። ከመተኛቷ በፊት ሻይ አመጣችልኝና፣ «አይዞህ፣ እስከ ሻምፒዮናው ሁለት ኪሎ እቀንሳለሁ። አላሳፍርህም» አለችኝ። እኔን! እሷ ናት እኔን የማታሳፍረው! ብርጭቆውን በግራ እጄ ተቀበልኩ፤ ቀኙ ከትናንት ጀምሮ እስከ ደረቴ ብቻ ነው የሚነሳው።

ለራሴ የምነግረውን ሁሉ እዚህ ልደርድረው። ብናገር ከበረዶው ያስወጡኛል። ብወጣ ለእሷም ጥንድ አይኖራትም። ስለዚህ ዝም የምለው ለእሷ ነው። ደግሜ አነበብኩት። ሲጻፍ ያምራል። ግን ለእሷ ብዬ ከሆነ ለምን ነው ሻይ ስታመጣልኝ ፊቷን ማየት ያቃተኝ?

ነገ እነግራቸዋለሁ። ወይም ረቡዕ፣ ከስብሰባው በኋላ።

ኖቬምበር 13፣ ረቡዕ

ስብሰባው ረዘመ።

ኖቬምበር 21

አርባ አምስት ነጥብ ሁለት። ኢንጋ ቪታልየቭና ጀርባዋን መታ መታ አደረጓት። ለሁለት ወር እንዲህ ሲስቁላት አላየሁም።

ይሁን እንጂ ዛሬ እጄ ላይ ከመቼውም የበለጠ ከበደች። ይህን በሥራችን ሕፃን ልጅ እንኳ ያውቀዋል፦ የሚከብደው ኪሎ አይደለም። ሆዷንና ጀርባዋን ጭምድድ አድርጋ የያዘች ልጅ በአርባ ስምንት ኪሎዋ ትቀላለች፤ ጉልበት ያለቃት በአርባ አምስቷ እንደ እርጥብ ካፖርት ትንጠለጠላለች። ሚዛኑ ይህን አያነብም። እኔ ግን ዝላታን በመዳፌ ነው የማነባት፤ ኪሎዋ ሲወርድ ጉልበቷም አብሮ ሲወርድ ስንት ቀን ሙሉ ሳነበው ነበር።

ውርወራው ላይ ወደቀች። ሁልጊዜ ትወድቃለች፣ ሁልጊዜ ትነሳለች። ዛሬ አልተነሳችም። በረዶው ላይ ጉንጯን አሳርፋ ቀረች። ዬጎር መኪናውን አጥፍቶ ሮጠ፤ ከእኔ ቀድሞ ደረሰ።

«ደህና ነኝ» ትላለች። «ትንሽ ጨለመብኝ እንጂ ደህና ነኝ።» ከዚያ ዐይኗን ገልጣ እኔን አየችና፣ «ይቅርታ» አለችኝ።

በቃ። ነገ ጠዋት።

ኖቬምበር 22

እየጻፍኩ ያለሁት በግራ እጄ ነው፤ ቀኙን አንጠልጥለውታል።

ጠዋት ሴቶቹ ሲሰለፉ ጫማዬን አወለቅኩና ከዝላታ ኋላ ቆምኩ። ሳቬሊ አፏጨ።

«ምን ጠፍቶህ ነው እዚህ የቆምከው?» አሉ ኢንጋ ቪታልየቭና።

«ልመዘን ነው።»

«ወንድ አንመዝንም።»

«እኔን ይመዝኑኝ።»

ዝላታ ወጣች፤ አርባ አምስት። «ጎበዝ» ተባለች። ከዚያ እኔ ወጣሁ። ስንት ሺህ ሰው ፊት ተንሸራትቼ እንዲህ ፈርቼ አላውቅም።

«ሰባ ዘጠኝ» አሉ በፌዝ። «እሺ ጌታው፣ ሌላስ ምን ብዬ ልጻፍ?»

«ቀኝ ትከሻው ታሟል ብለው ይጻፉ። ከኦገስት ጀምሮ። ክንዴ የሚታጠፈው እሷ ከብዳኝ አይደለም። ካዛን ላይ የነገርኩዎት ውሸት ነው።»

ኢንጋ ቪታልየቭና እስክሪብቶውን እንደያዙ መዝገቡን ወደ ኋላ ገለጡ፤ ኖቬምበር፣ ኦክቶበር፣ ሴፕቴምበር።

«እና እኔ» አሉ ቀስ ብለው፣ «ይህን ሁሉ ጊዜ ያንተን ትከሻ በእሷ ኪሎ ስመዝን ነው የከረምኩት?»

ይጮሁብኛል ብዬ ስጠብቅ ወደ ዝላታ ዞሩ። «አንቺ፣ ቁርስ ምን በላሽ?»

«ሻይ።»

«ትናንትስ?»

ዝላታ ጎንበስ ብላ ካልሲዋን ማስተካከል ጀመረች። የኢንጋ ቪታልየቭና ጆሮ እስከ ጫፉ ቀላ። መዝገቡን ከደኑት። ዝላታ እኔን ሳታየኝ በካልሲዋ ኮሪደሩን ይዛ ሄደች።

ሐኪሙ ጅማቱ በከፊል ተቀዷል አለ። እስከ ፌብሩዋሪ ምንም ማንሳት የለም። ሻምፒዮናው ቀረ።

አጎት ፋኒል ፋሻውን እያሰሩልኝ፣ «አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይባላል» አሉ። «አንተ ደግሞ አህያው ራስህ ሆነህ ዳውላውን አስደበደብከው።» ደግ ሰው ናቸው፤ ግን ፋሻውን ጠበቅ አድርገው ነው ያሰሩት።

ኖቬምበር 25

ምግብ ቤት በር ላይ ጠበቅኳት። ሦስት ቀን ሙሉ ሸሽታኝ ነበር።

«እጅህ ሲንቀጠቀጥ ይሰማኝ ነበር» አለች። «እላይ ሆኜ። በየቀኑ። አውቀው ነበር፣ ግሌብ። ግን በእኔ ክብደት መሰለኝ። እኔ ነኝ ያንቀጠቀጥኩህ ብዬ ነው የማስበው። ቀልድህን እንኳ እውነቱን ነው ብዬ ተውኩልህ።»

ትጮኽብኛለች ብዬ ነበር። ብትጮኽብኝ በተሻለኝ።

ዲሴምበር 4

ለትከሻዬ የታዘዘልኝ የላስቲክ ስፖርት። ቀን በቀን ያው ላስቲክ።

ኢንጋ ቪታልየቭና ይቅርታ የሚባል ቃል አያውቁም፤ በየቀኑ ግን የዶሮ ሾርባ በማሰሮ ከቤታቸው ያመጡና ዝላታን ፊታቸው አስቀምጠው፣ «ብይ። እያየሁሽ ብይ» ይላሉ። ሚዛኑን ወደ ጓዳ አስገብተውታል።

የየካተሪንቡርግ ልጅ ደውሏል፣ ማካር የሚባል። ጥንዱ ሥራውን ተወችው። ለዝላታ የሙከራ ጥሪ አቅርቦላታል። ለካ የምትቀረው እሷ አልነበረችም። የምቀረው እኔ ነኝ።

ዲሴምበር 14

ልትሄድ ነው። ሻንጣዋን በግራ እጄ ይዤላት ከክፍሏ ወጣሁ። ኮሪደሩ ላይ እንደ ወጉ ሻንጣው ላይ ተቀመጥን፤ ለሁለት ሰው ስለሚጠብ ትከሻ ለትከሻ ነበርን፣ በጤነኛው በኩል።

«ይቅር በይኝ» አልኳት።

«ለመንገድ ሲቀመጡ አይወራም» አለች ፊት ለፊቷን እያየች።

«አውቃለሁ።»

«ሦስት ወር ሙሉ ልታወራ ሲገባህ ዝም ብለህ፣ ዝም በሚባልበት አንድ ደቂቃ ታወራለህ?»

«አዎ።»

ልትስቅ ነበር። አየኋት፣ ልትስቅ ነበር። ከዚያ ሻንጣውን ነጥቃኝ ሄደች።

ከምር እንዲሳካላት እፈልጋለሁ። ይህን የጻፍኩት እውነት ስለሆነ ነው። እንድትመለስም እፈልጋለሁ፤ እሱም እውነት ነው።

ዲሴምበር 17

ከእሷ ስልክ የለም። ባዶው ሜዳ ዳር ተቀምጬ ዬጎር ሲያለሰልስ አያለሁ። መኪናውን አቁሞ አጠገቤ መጣና ከፔርሙሱ ሻይ ቀዳልኝ።

«አንተን እያየሁ ነው ዝም ያልኩት» አልኩት። «አመመኝ ብለህ ቀረህ።»

እንደ ሞኝ አየኝ። «ተናግሬ ነው የቀረሁት ያለህ ማን ነው? ዓመት ሙሉ ደብቄ ነው እንጂ! ስናገርማ ጀርባዬ አልቆ ነበር። የመጀመሪያው ሳምንት ላይ ብናገር ኖሮ ይህን መኪና የምትነዳው አንተ ነበርክ።» ሳቀ። «ጠይቀኸኝ ቢሆን እነግርህ ነበር። በቀን አራት ጊዜ እኮ ነው ፊትህ የማልፈው።»

ዲሴምበር 20

ተመለሰች!

ከባቡር ጣቢያ በቀጥታ ጂም መጣች፤ ሻንጣዋን በሩ ላይ ጣለችው። ላስቲኩን እንደያዝኩ ቀረሁ።

«እንዴት ነው ልጁ?»

«እንደ ቁም ሣጥን የጸና። ሲያነሳኝ ምንም አይንቀጠቀጥም።»

«ጥሩ ነዋ» አልኩ። ጥሩ ድምፅ ላወጣ ሞከርኩ።

«አንድ ቀን በጉልበቱ ሲያነክስ አየሁትና ያምሃል ወይ አልኩት። እኔን ምንም አሞኝ አያውቅም አለኝ። በሁለተኛው ቀንም ጠየቅኩት። ያው።» ጓንቷን አወለቀች። «ምንም አሞት የማያውቅ ሰው ሰልችቶኛል፣ ግሌብ። አንተ ቢያንስ ሲያምህ የሚያምህ መሆኑን ሰው ሁሉ ፊት ተናግረሃል። ዘግይተህ፣ ግን ተናግረሃል።»

ቀጥላ ጣቷን ደረቴ ላይ ቀሰረች። ይቅር አላልኩህም አለች። ወደፊት ይታያል አለች። ለጊዜው ግን ውል አለ፦ ሚዛኑ ከጓዳ የወጣ ዕለት እኔም እሰለፋለሁ፤ የት እንደሚያመኝ ጮክ ብዬ እናገራለሁ፤ መዝገብ ላይ ይጻፋል።

«ኢንጋ ቪታልየቭና እሺ አይሉም» አልኳት።

«ከጣቢያ ደውዬላቸዋለሁ። እሺ ብለዋል።»

ዲሴምበር 29፣ እሑድ

ሻምፒዮናውን ኢንጋ ቪታልየቭና ቤት በቴሌቪዥን አየን። እኛ ባልነበርንበት ቦታ ሌሎች ሲሾሩ ማየት ያንገበግባል፤ አልዋሽም። ዝላታ ፖሲኩንቺኪ ገዝታ መጥታ ነበር። የመጀመሪያውን ስትገምጥ መረቁ ተፈናጥሮ የኢንጋ ቪታልየቭናን ነጭ ሸሚዝ አገኘው። እሳቸው ሸሚዛቸውን ዝቅ ብለው አዩና፣ «ሌላም ብይ» አሏት።

አምስት በላች። ቆጥሬያለሁ።

ፌብሩዋሪ 6

ሐኪሙ ፈቀደ። ጠዋት ሁሉም ተሰለፈ፤ ሴቶቹም ወንዶቹም። ሳቬሊ ተራው ሲደርስ አፍሮ ቁርጭምጭሚቱን አመመኝ አለ፤ ለካስ ከኖቬምበር ጀምሮ ነው! አረንጓዴው መዝገብ ላይ አዲስ መስመር ተሰምሮበታል። ዝላታ አርባ ስምንት ነጥብ ሦስት። ግሌብ፣ ትከሻ፣ ሕመም ከአሥር ሁለት።

በረዶው ላይ ወጣን። ዬጎር አለስልሶት እንደ መስተዋት ሆኗል። መዳፌ የዳሌ አጥንቷን ሲያገኝ አወቅኳት፤ ጭምድድ ብላለች፣ በልታ የወጣች ልጅ። ወደ ላይ ወጣች። ክንዴ ቀጥ አለ።

«ያምሃል?» አለችኝ ከላይ።

ምንም አይደለም ልል ነበር። ምላሴ ላይ ደርሶ ነበር፣ ከልማድ።

«ትንሽ» አልኳት።

«አውርደኝ።»

«አንድ ሰከንድ ልጨምር—»

«ግሌብ!»

አወረድኳት። ሦስት ሰከንድ። በአምስት ዓመት ውስጥ ክንዴ ሳይከዳኝ ካነሳኋት ሁሉ አጭሩ ነው። በጫማዋ ምላጭ ጫፍ በረዶውን ስትነካ ድምፅ እንኳ አላሰማችም። ኢንጋ ቪታልየቭና ከዳር ሆነው እስክሪብቷቸውን አወጡ።

«ምን ብዬ ልጻፍ?» አሉ።

ዝላታ ቀድማኝ መለሰች። «ሦስት ሰከንድ። ነገ አራት» አለችና እጄን ያዘችኝ።